ለአባትሽ «ኖር» ያልን ዕለት

ልጄ ሮሐ፣ እመብርሃን ከፊትሽ ትቅደም፤ የሰው አገር ይሙቅሽ። እኔ ደህና ነኝ፤ ጉልበቴ ብቻ ዳገት ሲያይ ያኮርፋል።

እሑድ ከእድር ስብሰባ በኋላ ጎረቤታችን ትሕትና የድሮ የሸጎሌ ገበያ ፊልም በቴሌቪዥን ከፈተችልን። ሁሉም የሚያውቀውን ሟች በስሙ ሲጠራ፣ አባትሽ በግ እየጎተተ ብቅ አለልሽ! አንቺ ሆዴ ውስጥ ሳለሽ፣ አንድ ፎቶ እንኳ ሳይተውልን ያረፈው መሸሻ! እትዬ የዓለምወርቅ እውነት የገባ መስሏቸው ተነሡና «ኖር!» አሉት። ሳቅን፤ ግን ማንም ተቀምጦ አልቀረም። እሱም ወደኛ ዞሮ ሳቀ፤ ሳቁ ያንቺው ነው።

ፊልሙን ትሕትና በቴሌግራም ትልክልሻለች። እሱን ያሳየኝ አምላክ አንቺንም በሰላም መልሶ ያሳየኝ። ሥራ ቦታ አትክፈቺው፤ ቤትሽ ገብተሽ እዪው። አደራ ግን፣ አባትሽ ሲመጣ ብድግ በይለት።

እናትሽ