ካሜራ ፊት ገብተው በር የዘጉት የኦርቪል ሃውገን የሕይወት ታሪክ

ኦርቪል ሃውገን ከአባታቸው ከኒልስ ሃውገንና ከእናታቸው ከኢንጋ ሶልበርግ፣ በ1941 እ.ኤ.አ. በመጋቢት ወር፣ ሞንታና ውስጥ ጁዲዝ ወንዝ ዳር ባለው የቤተሰቡ የከብት እርባታ ተወለዱ። እስከ አሥረኛ ክፍል ከተማሩ በኋላ አባታቸው ከፈረስ ወድቀው ስለተሰበሩ እርባታውን ተረከቡ። በ1966 ከወይዘሮ ዶሪስ ክላይን ጋር ትዳር መሥርተው አንዲት ልጃቸውን ማርላን ወለዱ። ከቤታቸው ውጪ ማደር አይሆንላቸውም ነበር፤ በሠርጋቸው ዕለት እንኳ የምትወልድ ላም አለች ብለው ሙሽራዋን ይዘው ተመልሰዋል።

ማርላ በ1989፣ በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ፣ የመርከብ ብየዳ ልማር ብላ ከአባቷ ጋር ተጣላች። የአጥሩን በር ክፍት ትታ መኪናዋን ወደ ታኮማ ከተማ ነዳች። ከብት ስለሚወጣ፣ እኛ ዘንድ በር ሳይዘጉ መሄድ ከስድብ ይቆጠራል። ዶሪስ ካረፉ በኋላም ቢሆን አባትና ልጅ አልተነጋገሩም፤ ግትርነቱን ከማን እንደወረሰችው ሁላችንም እናውቃለን።

በ2001 የቴሌቪዥን ድራማ የሚሠሩ ሰዎች መጥተው ኦርቪልን ፈረስ እንዲጠብቁላቸው ቀጠሯቸው። ድራማው ከቤቷ ስለምትወጣ የከብት አርቢ ልጅ ነበር። መንደሩ በኋላ አይቶት፣ ሰው የማይተኮስበት ምን ዓይነት የካውቦይ ታሪክ ነው ብሎ አምቶታል። ተዋናይቷ በሩን ክፍት ትታ ስትነዳ፣ ኦርቪል ካሜራው ፊት ገብተው ዘጉት። ይቅርታ ጠይቀው በድጋሚ ሲቀረጽም ዘጉት። በሦስተኛው ራቅ አድርገው አስቀመጧቸው።

ነገሩ ግን ከነከናቸው። ምሳ ላይ ተዋናይቷን፣ ልጅቷ በሩን ያልዘጋችው ንቃ ነው ወይስ ረስታ ብለው ጠየቋት።

«እኔ የተጻፈልኝን ነው የምሠራው» አለቻቸው። «እርስዎ ልጅ የለዎትም?»

በሳምንቱ ከብቱን ለእህታቸው ልጅ፣ ለዚህ ጽሑፍ አዘጋጅ፣ አደራ ብለው ታኮማ ድረስ ነዱ። ማርላ እንደምትለው፣ ሰላምታ እንኳ ሳያስቀድሙ «ያን ቀን በሩን ለምን አልዘጋሽም?» አሏት።

«ስትከተለኝ ከመኪና ወርደህ ለመክፈት እንዳትቸገር ብዬ ነዋ፣ አባዬ።»

ከዚያ በኋላ በየመኸሩ፣ ጥጆቹ እንደተሸጡ፣ ታኮማ ሄደው ይከርሙ ነበር። ሳይነጋገሩ ያለፉት አሥራ ሁለት ዓመታት ግን እስከመጨረሻው ቆጭተዋቸዋል።

ባደረባቸው የልብ ሕመም በሕክምና ሲረዱ ቆይተው፣ በ2016 ኅዳር 3 ቀን፣ በተወለዱ በ75 ዓመታቸው በልጃቸው ቤት አረፉ። ልጃቸው ማርላ፣ የልጅ ልጃቸው ኤልደንና እህታቸው ሲግሪድ ከኋላቸው ቀርተዋል። አምላክ ነፍሳቸውን ከዶሪስ አጠገብ ያሳርፍልን፤ ለቀረነውም ጊዜ ሳያልፍ መጠያየቅን ይስጠን።