በማዳም ከብሳ ላይ የተነሣ አብዮት

እሑድ፣ የካቲት 2007፣ ሙረባዕ፣ ዓረብ አገር

ዋሽታለች! በጆሮዬ ነው የሰማኋት። ባባ፣ የማዳም ባል፣ ሳሎን ተቀምጦ፣ የኔ የመሪማ ኮንትራት ካለቀ ዓመት አለፈው፣ ለምን ኸሩጇን አላወጣላትም ብሎ ጠየቃት። ማዳም ዓይኗን በጨው ታጥባ፣ «እሷ ራሷ መሄድ አትፈልግም፤ እኛን ለምዳለች» አለችው። እኔ የሻይ ትሪ ይዤ በሩ ጋ ቆሜያለሁ። ኸሩጅ ማለት ከዚህ አገር የሚያስወጣኝ ማኅተም ነው። ያለሱ ንቅንቅ የለም፤ ፓስፖርቴም እነሱ ጋ ነው።

ደሴ የተውኳት ልጄ ሐያት እህቴን «እማዬ» ማለት ጀምራለች። እኔን በስልክ «አክስቴ» ነው የምትለኝ። ገብቼ ልናገር አልኩና ተውኩት። ማን ያምነኛል? የማዳም ቃል ከኔ ቃል ይበልጣል።

ደሜ እንደፈላ ልብስ መተኮስ ጀመርኩ። ሪም መጣች፤ የማዳም ልጅ፣ ሁለተኛ ደረጃ ተማሪ። የታሪክ ፈተና አለባት። አስተማሪዋ ለሰው እያስረዳችሁ አጥኑ ስላለቻቸው የምታስረዳው ለኔ ነው። ዛሬ የፈረንሳይ አብዮት ነበር። ንጉሡ ወላዋይ፣ ግምጃ ቤቱ ባዶ፣ ሕዝቡ ዳቦ ያጣ። ንግሥቲቱ ዳቦ ከሌላቸው ኬክ ይብሉ አለች ይባላል። ሪም ግን አላለችም፣ ጠላቶቿ ያወሩባት ነው ትላለች። የፈረንሳይዋን እንጃ፤ የኛዋ ንግሥት ያለችውን እኔው ሰምቻለሁ። የፈረንሳይዋ መጨረሻ ምን ሆነ ብዬ ጠየቅኳት። ሪም በእጇ አንገቷን የመቁረጥ ምልክት አሳየችኝ። ወላሂ ደስ አለኝ። አስተግፊሩላህ።

ማክሰኞ

ዛሬ ደግሞ አንደኛው የዓለም ጦርነት። የኦስትሪያ አልጋ ወራሽ ከነሚስቱ በጥይት ተመታ፤ የገደለው ገና ወጣት ነው። ለሁለት ሰው ብሎ ዓለም ሁሉ ተላለቀ ወይ አልኳት። ምክንያት ሁለት ዓይነት ነው አለችኝ፣ የቅርብና የሩቅ። ጥይቷ የቅርቡ ናት። የሩቁ ግን መንግሥታቱ ለዓመታት ቂም ሲቋጥሩ፣ መሣሪያ ሲያከማቹ፣ ጎራ ለይተው ሲማማሉ የኖሩት ነው።

ካውያውን አቁሜ አሰብኩ። የኔ የሩቅ ምክንያት ሞልቷል። ስልኬን በሳምንት አንዴ ብቻ መስጠቷ። ልጆቿ የተረፋቸውን መብላቴ። ስታመም «ትወናሽን ተይ» ማለቷ። ከሁሉም ከሁሉም፣ እኔ ጨሼ የሠራሁትን ምግብ እንግዳ ፊት አቅርባ «በእጄ ነው የሠራሁት» ማለቷ! የቅርቡ ደግሞ የእሑዱ ውሸት። የጎደለኝ ጥይት ብቻ ነው።

ጥይቱም ተገኘ። ዓርብ ትልቅ ግብዣ አለ። የባባ እናት ይመጣሉ፤ ማማ ከቢራ ነው የምንላቸው። ባባ በዚህ ምድር የሚፈራው እሳቸውን ብቻ ነው። ማዳም ደግሞ ባለሙያ ነኝ ብላ አሳምናቸዋለች። አልጋዬ ሥር እህቴ የላከችልኝ በርበሬ አለ። ይሸታል፣ ጣይው ስትለኝ የደበቅኩት ነው። አንድ ጭልፋ ሙሉ ከብሳው ላይ፣ በዶሮ የሚሠሩት ሩዝ ላይ፣ እነሰንሳለሁ። ማማ ከቢራ ሲያስሉ፣ ሴቶቹ ዓይናቸው እንባ ሲያቀርር፣ ማዳም «በእጄ ነው የሠራሁት» ትበል እስቲ!

ሐሙስ

ፈራሁ። ተናደው ለተርሒል፣ ለማባረሪያው እስር ቤት፣ ቢሰጡኝስ? መባረሩንስ ባልጠላሁ፤ ግን እዚያ ታጉረው ወራት የከረሙ አሉ። ለሐያት የገዛሁት ቀሚስ ሁሉ እዚሁ ይቀራል።

ሪም የጦርነቱን መጨረሻ አስረዳችኝ። አሸናፊዎቹ ጀርመንን አዋርደው አስፈረሟት፤ ውርደቱ ሲብላላ ቆይቶ ሁለተኛውን ጦርነት ወለደ። እኔ ደግ አደረጉ አልኳት። ሪም ሳቀችና ፈተና ላይ እንዲህ ብጽፍ ዜሮ ነው የማገኘው አለች። ሐሳቤን አልቀየርኩም። ነገ ነው።

ዓርብ

እጄ ከዳኝ! በርበሬውን ጥሬውን ልበትነው አልነበር? ሽንኩርቱ ሲቁላላ ሽታው እናቴ ቤት ወሰደኝና፣ ሳላስበው በርበሬውን ከሽንኩርቱ ጋር፣ ጠብ ጠብ እያደረግኩ በውሃ እያበሰልኩ ራሴን አገኘሁት። ዶሮውን እዚያ ውስጥ ጨመርኩት። ስነቃ ሁሉም ነገር አልፏል። ምግብ ማበላሸት ለካ አላውቅበትም። ተበሳጭቼ ልሞት ነበር።

ትሪው ቀረበ። የሚያስል ጠፋ። ማማ ከቢራ ጣታቸውን እየላሱ ማን እንደሠራው ጠየቁ። ማዳም እኔ ነኝ አለች፣ እንደ ልማዷ።

«እንግዲያው በሚቀጥለው ዓርብ ቤቴ መጥተሽ፣ አጠገቤ ቆመሽ ትሠሪልኛለሽ» አሏት።

ማዳም ፊቷ አመድ መሰለ። እኔ ውሃ እየቀዳሁ ነበር። አንጀቴ ቅቤ ጠጣ።

ቅዳሜ

ማዳም ወጥ ቤት መጥታ እኔ የምቀመጥበት ዱካ ላይ ተቀመጠች። በሦስት ዓመት የመጀመሪያዋ ነው። መሪማ ሐቢብቲ፣ እህቴ፣ አሠራሩን አሳይኝ ትላለች። እህቷ ሆንኩ!

«ኸሩጁ ይቅደም» አልኳት።

ቤቱን ማን ይይዘዋል አለች። እሱን አላውቅም፣ ማማ ከቢራ ግን ቢጠይቁኝ አልዋሽም አልኳት። ወጥታ ለባባ ደወለች። መሪማ ሐሳቧን ቀይራለች፣ አገሯ ናፍቋታል አለችው። አሁንም ዋሸች! ይሁን፣ ይቺኛዋ ለኔ ሠርታለች።

ረቡዕ

ማኅተሙ ተመታ! ፓስፖርቴ ትራሴ ሥር ነው፤ በየደቂቃው አየዋለሁ። ቲኬቱን ባባ ቆረጠ። ነገ ከሰዓት እበራለሁ።

ማዳምን በደንብ አስተማርኳት። የሽንኩርቱን፣ የእሳቱን፣ የውሃውን፣ አንድም አልደበቅኩም። ሁለቴ አሳረረች፣ አንዴ አለቀሰች። ዛሬ ግን ሠርታ ቀመስኩላት፤ ኸላስ፣ ችለሻል አልኳት። እውነቴን ነው።

ብቻ በርበሬው ከየት እንደሚመጣ አልጠየቀችኝም። ሱቅ የሚሸጥ መስሏታል፤ የተረፈው ደግሞ አልጋዬ ሥር እንዳለ ሳስተምራት አይታለች። ጠርጌ ሻንጣዬ ውስጥ ከተትኩት። አንድ ማንኪያ አልተውኩላትም።

ሪም ሳሽግ አየችኝ። ስለ ጀርመን የነገረችኝን ልትደግምልኝ መስሎኝ ነበር፤ በሩን ዘግታልኝ ወጣች። ለእናቷ ትንገራት አትንገራት አላውቅም። በርበሬውን አንዴ ከሻንጣው አወጣሁት፣ መልሼ ከተትኩት።

ሐያት ደውላ «አክስቴ፣ ምን ታመጪልኛለሽ?» አለችኝ። ቀሚስ አልኳት፣ እናትሽንም።

ነገ በዚህ ሰዓት ደመና ላይ ነኝ። ማዳም ማማ ከቢራ ቤት ልትሄድ ስትል አልጋዬ ሥር የምታጎነብሰው ዓርብ ጠዋት ነው።