ሃያ አምስት ኪሎ ስኳር

ታኅሣሥ 22 ቀን 1981 ዓ.ም.
ኮልፌ

ለምወድሽ እናቴ፣

እንደምን ሰነበትሽልኝ? ቁርጥማቱ ተሻለሽ ወይስ እንደ ልማድሽ ደህና ነኝ እያልሽ ታነክሻለሽ? የላክሁልሽን ቅባት ለጎረቤት ሳታዳርሺ አንቺው ተቀቢው። ላሚቱ ወለደች ወይ? የአባባን መቃብር የወረረውን እሾህ አስነቀልሽው? እኔ ለጤናዬ ደህና ነኝ። ለጤናዬ ብቻ።

ባለፈው ጊደሯን ለሰርጉ ልሽጣት ወይስ ልተዋት፣ ቁርጡን ንገሪኝ ብለሽኝ ነበር። አትሽጫት። ሸጠሻት ከሆነም ብሩን አስቀምጪው፤ እዚህም እንዳትመጪ። ጥር አሥራ አራት ቀን ሰርግ የለም። ሰው ከጠየቀሽ ሙሽራዋ ታማለች በይ። ምክንያቱን እነግርሻለሁ፤ ቀስ እያልኩ ግን ልጻፈው።

እኔና ፈጠነ ሁለት ዓመት እንዴት እንዳጠራቀምን ታውቂያለሽ። እሱ ከእንጨት ሥራው፣ እኔ ከልብስ ስፌት ማኅበሩ፣ አንዳንዴ ሠላሳ ብር፣ አንዳንዴ አሥር። እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስንወጣ ዘነበወርቅ ፌርማታው አጠገብ ካለች ድንጋይ ላይ ቁጭ ብለን ደብተራችንን እንገልጣለን። ሰው እጮኛውን ይዞ ሲኒማ ይገባል፤ እኛ ስለ በርበሬ እንጨቃጨቃለን። እሱ ሠላሳ ሰው ጠርተን ቤት ውስጥ እንብላ ይላል፤ እኔ ዳስ ካልተጣለ ሞቼ እገኛለሁ እላለሁ። እናቴ የስንቱን ሰርግ በልታ የልጇን ሰርግ ሳታበላ ልትቀር ነው ወይ አልኩት። እሱ ሲሰርዝ እኔ መልሼ ስጽፍ ወረቀቱ ተቀደደ። በመጨረሻ እኔ አሸነፍኩ። ዳሱ ጸና፣ መቶ ሃያ ሰው ተባለ። በእጃችን ያለው ሰባት መቶ አርባ ብር ነበር፤ መቶ ብር ጎደለን።

ያጎደለብን ጠጁ ነው። ግማሹን ማር ግማሹን ስኳር ብናደርገው እንኳ ስኳር ውጭ ገበያ ኪሎው ስድስት ብር ገብቷል። በቀበሌው ሱቅ ግን ሁለት ብር ነው። ለሰርግ ለብቻው እንደሚፈቅዱ፣ ፎርም መሙላት ብቻ እንደሚበቃ አብራኝ የምትሰፋው ዋጋነሽ ነገረችኝ። ሃያ አምስት ኪሎ ባገኝ ልክ መቶ ብር ይተርፈናል። ፈጠነን ላስደንቀው ብዬ ሳልነግረው ብቻዬን ሄድኩ።

እሱ ግን አንድ ነገር ሁልጊዜ ይለኝ ነበር። ስሜን የትም እንዳታስጽፊ ይለኝ ነበር። ከጎጃም ሲመጣ የገባው አጎቱ ቤት ነው፤ በቤቱ ፎርም ላይ አልተመዘገበም። ዕድሜው ሃያ አራት ነው፣ ለብሔራዊ ውትድርና የሚፈልጉት እንደሱ ያለውን ነው። ከኛ ግቢ ብቻ ሁለት ልጆች ሄደዋል፤ የአንደኛው እናት እስካሁን ደብዳቤ ትጠብቃለች፣ የሌላኛው መጠበቅ ትታለች። ይህን ሁሉ እያወቅሁ ነው የሄድኩት።

የቀበሌው ጸሐፊ እንኳን ደስ ያለሽ ብሎ ወንበር ሰጠኝ። የሙሽራውን ስም ጠየቀኝ፣ ነገርኩት። ዕድሜውን ጠየቀኝ፣ ነገርኩት። የት ነው የሚያድረው አለኝ። የአጎቱን የቤት ቁጥር ሰጠሁት፤ ያም አልበቃኝ ብሎ ከበሩ በስተግራ ያለችው ክፍል አልኩት። ስኳር ከወታደርነት ጋር ምን ያገናኘዋል? እንዲያውም ሁለት ኪሎ ጨምሩልኝ ብዬ ስከራከር ነበር። ስኳሩን አሸክሜ ስወጣ ሙሽራውን ሳናይማ አንቀርም፣ ሰርግሽ ላይ እንገኛለን አለኝና ሳቀ። እኔም አብሬው ሳቅሁ።

በስምንተኛው ቀን ማለዳ ሁለት አብዮት ጥበቃዎች ጠመንጃ ይዘው አጎቱ ቤት ገቡ። እግዜር ሲለው ፈጠነ ጣውላ ሊገዛ ወደ አየር ጤና ሄዶ ነበር። አጎትየው እንዲህ ያለ ሰው አላውቅም ሲል ከወረቀታቸው ላይ አነበቡለት፤ ስም፣ ዕድሜ፣ ከበሩ በስተግራ ያለችው ክፍል። የፈሩት ይደርሳል ይባል የለ፣ እማዬ? እኔ ግን ራሴ ሄጄ ጠርቼ አመጣሁት።

ከዚያ ወዲህ እማማ ዘይነባ ቤት ተደብቋል። አየር ጤና ቅመም የሚነግዱ ሴት ናቸው፤ ልብስ ስሰፋላቸው ነው የተዋወቅነው። ጓዳቸው ከበርበሬ ጆንያ ጀርባ አስቀመጡት። ምስኪን፣ ሲያስነጥሰው ይውላል። ባስነጠሰ ቁጥር ደማችን ይደርቃል፤ እሳቸው ደንበኛ ፊት ይማረኝ እያሉ የራሳቸው ያስመስላሉ። ምሳ ይዤ ስሄድ መንገድ እቀያይራለሁ፤ ከኋላዬ ሰው በፍጥነት ሲራመድ ቆሜ አሳልፈዋለሁ።

ፈጠነ ማን ጠቆመብኝ እያለ ሲያወጣ ሲያወርድ ከረመና ይመር ላይ ጣለው። ይመር ሥራ ባልደረባው ነው፣ ለሰርጉም አንደኛ ሚዜው። ከክፍሌ ገብቶ የሚያውቅ ጓደኛ እሱ ብቻ ነው አለ። ይመር ጭንቀት ሲገድለው የተደበቀበትን ቦታ አሳየሁት፣ ምግብ ይዞለት መጣ። ፈጠነ ፊቱን አዙሮ ስንት ከፈሉህ አለው። ይመር ምግቡን መሬት ላይ አስቀምጦ ወጣ። እኔ የውሃ ጣሳ ይዤ እዚያው ቆሜአለሁ። ጥፋቱ የኔ ነው ማለት ሲገባኝ ጣሳውን ለፈጠነ አቀበልኩት። በዚያ ሰዓት የፈራሁት ጠመንጃ የያዙትን አይደለም፤ እሱን ነው የፈራሁት። እስካሁንም እፈራዋለሁ።

ስኳሩ አልጋዬ ሥር ተቀምጧል፣ ጉንዳን ወሮታል። መመለስ አልችልም፤ ሰርጉ ቀረ ካልኩ ሙሽራው የት ገባ ይሉኛል። ጸሐፊው መንገድ ላይ ባገኘኝ ቁጥር ዝግጅቱ እንዴት ነው ይለኛል። ጥሩ ነው እለዋለሁ፣ እየሳቅሁ። የግቢያችን ቆርቆሮ በር በተንኳኳ ቁጥር ከመርፌዬ ጋር ብድግ እላለሁ፤ ትናንት ጣቴን ወጋሁት።

አሁን መላ ተገኝቷል። ሀምዱ የሚባል የእማማ ዘይነባ የእህት ልጅ በጭነት መኪና ጨው ወደ እናንተ ገበያ ያመላልሳል። ሰኞ ጠዋት ይነሳል። ለራሱ አንድ ብር አልፈልግም ብሎ ለኬላ ሰዎች ብቻ መቶ ሃምሳ ተቀበለን። የስኳሩ ሃምሳ ሲቀነስ አምስት መቶ አርባ ብር ቀርቶናል፤ ደብተሩ እዚያ ላይ ተዘጋ።

ሀምዱ ቀድሞ በቃሉ የሚነግርሽን እዚህም ልድገመው፦ ከመኪናው ላይ ጨው የሚያወርድ ረጅም ጫኝ ታያለሽ። የግራ አውራ ጣቱ ጥፍር የለውም፣ መጋዝ ወስዶታል። ሰው ፊት ስሙን አትጠይቂው። ልጄ ብለሽ ሳሚውና አስገቢው፤ ለጎረቤት የእህቴ ልጅ ነው በይ። የቤቴ በር ተንጋደደ ብለሽኝ ነበር፤ ያቃናልሻል። ወጥ ስትሠሪለት በርበሬ አታብዢበት፣ በቅቶታል። የለበሰውን ካፖርት ተቀብለሽ የግራውን ገበር በምላጭ ፍቺው፤ ብሩም ይህ ደብዳቤም እዚያ ውስጥ ነው። ስሰፋው ምን ብለሽ ጻፍሽላት አለኝ። ሰላምታ ነው አልኩት። ሰላምታ እንዲህ ይወፍራል ወይ ብሎ ሳቀብኝ።

ደብዳቤዬን ሁልጊዜ የሚያነቡልሽ መሪጌታ እንደሆኑ አውቃለሁ። የመሠረተ ትምህርቱን ምስክር ወረቀት ግድግዳ ላይ ሰቅለሽ ፊደሉን ረስተሽዋል፣ አይደል? ይህን ግን ለመሪጌታ እንዳትወስጂው በሀምዱ በኩልም ልኬብሻለሁ። ለባለካፖርቱ ስጪው፤ እሱ ያንብብልሽ። የእጅ ጽሕፈቴን ከማንም ይልቅ ያውቀዋል።

አዎ እማዬ፣ አውቄ ነው። እዚህ ብነግረው ኖሮ እናቴ ቤት አይገባም ነበር። እልኸኛ ነው፤ ወጥቶ ይያዝ ነበር። መጀመሪያ ይትረፍ፣ ከዚያ ይጥላኝ ብዬ ነው። ፊቱ ቆሜ መናገር ያቃተኝን በገዛ አፉ እንዲያነበው ማድረጌ ፈሪ እንደሚያሰኘኝ አውቃለሁ። ፈሪ ነኝ። መሃል ላይ ድምፁ ተቋርጦ ከነበረ ለምን እንደሆነ አሁን ገብቶሻል። ቀጥል አትበይው፣ ውሃ ስጪው። እንዲምረኝም አታባብዪልኝ፤ አንቺም ብትቆጪኝ ይገባኛል።

አንድ ነገር ብቻ ለምኚልኝ። ለኔ ባይጽፍ ግድ የለም። ይመር ከሥራ ቀርቷል፣ ሰው ቀና ብሎ ማየት ትቷል። ለሱ ሁለት መስመር ይጻፍለት። ይህን ወረቀት እሳት ውስጥ ክተቱት። ሀምዱ ሲመለስ ለይመር የተጻፈ ነገር ይዞ ከመጣ፣ እስከ መጨረሻው እንዳነበበልሽ አውቃለሁ።

ማርያም ከነጉልበትሽ ታቆይልኝ። ቤትሽን ክፉ ዓይን አይየው፣ ደጅሽን ክፉ እግር አይርገጠው። ከጎንሽ ላለውም እንዲሁ።

ልጅሽ