በሞተ ፊንላንዳዊ መቅናት

ጥቅምት 4፣ ማክሰኞ
ዛሬ ተሳፋሪ ይዤ ሦስቴ ኤርፖርት ተመላለስኩ። ወገቤን ቆረጠኝ። ቤት ስገባ ሄራን ክፍሏ ግድግዳ ላይ የአንድ ፈረንጅ ሽማግሌ ፎቶ ለጥፋለች። ራሰ በራ፣ ፊቱን የቋጠረ። ማነው ብላት፣ "ሃርዩላ ነዋ አባዬ! የፊንላንድ ኮምፖዘር" አለችኝ። ትምህርት ቤት ቫዮሊን ለምትማርበት ክፍል ስለ ሕይወቱና ስለ ሥራው ልትጽፍ ነው። እሷ ሳትወለድ የሞተ ሰው...

ግድግዳው ላይ የእኔ ፎቶ የለም። እስከ ዛሬ ልብ ብዬ አላየሁም ነበር።

ጥቅምት 6፣ ሐሙስ
ራት ላይ ሃርዩላ። መኪና ውስጥ ሃርዩላ። አምስት ሲምፎኒ ጽፏል፣ ቤቱ ሐይቅ ዳር ነበር፣ እሱ ሲጽፍ ልጆቹ እንዳይረብሹት ቤት ውስጥ ጫማ አያደርጉም ነበር። ሚስቴ ውባየሁ እንኳ፣ እንግልውድ ካለው ሥራዋ ደክሟት ገብታ፣ አፏን ከፍታ ትሰማታለች።

እኔ አገር ቤት፣ አዲስ አበባ፣ አስራ አንድ ዓመት ኪቦርድ ተጫውቻለሁ። የስንቱን ዘፋኝ ሙዚቃ አቀናብሬ! ካሴቱ ላይ የዘፋኙ ስም በትልቁ፣ የእኔ የለም። ለሄራን ነግሬያት አላውቅም። ምን ብዬ? ምን አሳይቼ?

ጥቅምት 11፣ ማክሰኞ
ኢስት ኮልፋክስ ላይ ተሳፋሪ እየጠበቅኩ ስለ ሰውዬው ስልኬ ላይ አነበብኩ። እንከን ፍለጋ ነው፣ አልዋሽም። አገኘሁለት! በሃምሳ ዓመቱ መጻፍ አቁሟል። ከዚያ በኋላ ሠላሳ ዓመት ሲኖር አንድ መስመር አልጻፈም። እሰይ አልኩ። ወዲያው ደግሞ... እኔስ ከአገር ወጥቼ ሙዚቃ ካቆምኩ ስንት ዓመቴ ነው? አስራ ሰባት። ስልኩን ዘጋሁት።

ቅዳሜ ዳውንታውን አንድ ኦርኬስትራ የእሱን ሥራ ያቀርባል። መምህሯ ሁለት ትኬት ሰጥታታለች። የምወስዳት እኔ ነኝ።

ጥቅምት 15፣ ቅዳሜ
ጉድ ሠራሁ።

ትኬቱ ከምሽቱ አንድ ሰዓት ተኩል ይላል። ሄራን ከአስራ አንድ ሰዓት ጀምሮ ለብሳ ቆማለች። ኮንሰርት መቼ በሰዓቱ ይጀመራል አልኳት። እኛ ሁለት ሰዓት ተብሎ አምስት ሰዓት ነበር መድረክ የምንወጣው። ሃቫና ስትሪት ይዣት ሄጄ መኪና አሳጠብኩ። ውስጡን ቫኪዩም አደረግኩ። ደገምኩት።

ስንደርስ አስር ደቂቃ አልፏል። በሩ ተዘግቷል። የመጀመሪያው ሥራ እስኪያልቅ ማንም አይገባም አሉን። የመጀመሪያው የሃርዩላ ነው። ሌላ የእሱ የለም።

ኮሪደሩ ላይ ተቀመጥን። ድምፁ ከስፒከር ይመጣል። ሄራን አታየኝም። ቫዮሊኖቹ መውረድ ሲጀምሩ፣ "አሁን ቤዙ ብቻውን ይቀራል" አልኩ፣ ሳላስበው። ቀረ። "አሁን ከላይ ትራምፔት ይገባል።" ገባ። ዞር አለች።

"አባዬ፣ ሃው ዱ ዩ ኖው?"

የመኪናውን ቁልፍ አወጣሁ። ሥራው ሲያልቅ ወደ ቤት ነዳሁ።

ጥቅምት 16፣ እሁድ
ነገርኳት። ሁሉንም። ኪቦርዱን፣ ካሴቶቹን... ከዚያ፣ "ትናንት ያረፈድነው ሆን ብዬ ነው" አልኳት።

"አውቃለሁ። ሁለቴ ነው ቫኪዩም ያደረግከው። ግን ለምን?"

"ቀንቼ።"

በማን አለች። የሃርዩላን ፎቶ በጣቴ አሳየኋት። ትስቃለች ብዬ ነበር። አለቀሰች። ኮንሰርቱም ቆጭቷታል፣ ግን የባሰባት ዕድሜዋን ሙሉ፣ አስራ ስድስት ዓመት፣ የደበቅኳት ነው። ይቅርታ ጠየቅኳት። ይቅር አለችኝ? እንጃ።

ከሰዓት በኋላ ሳሎን ያለው የእሷ መለማመጃ ኪቦርድ ላይ አስቀመጠችኝ። ለማንም ዘፋኝ ያልሰጠሁት፣ ያልጨረስኩት አንድ ዜማ ነበረኝ። ጣቶቼ እምቢ አሉ። እንደምንም ስምንት ባር፣ የዜማውን መግቢያ ብቻ፣ ተጫወትኩና ቆምኩ። ኖታውን ወረቀት ላይ ገለበጠችው።

ኅዳር 7፣ እሁድ
ሄራን ዜማውን ጨርሳው መጣች! ሳትነግረኝ፣ ሦስት ሳምንት ሙሉ ስትሠራ ነበር። በቫዮሊኗ ተጫወተችልኝ። የእኔ አለቀ፣ የእሷ ገባ... ይወርዳል ስል ሽቅብ ወጣ። የት ሊያርፍ ነው አልኩ። አረፈ። ውባየሁ ማንኪያ እንደያዘች ከኩሽና ብቅ ብላ ቆማ ቀረች።

ከእኔ ይበልጣል። በብዙ ይበልጣል። ቀናሁ። በገዛ ልጄ!

"እንዴት ነው?" አለችኝ፣ ዓይን ዓይኔን እያየች።

"ቆይ ብቻ" አልኳት፣ "የሚበልጠውን ጽፌ አሳይሻለሁ።"

ማታ ሥራ አልወጣሁም። ከደብተሯ ባዶ ገጽ ለምኜ እርሳስ ይዤ ተቀመጥኩ።