ጉብታው ላይ የተቀመጥሽ ቀን

ልጄ እድላዊት፣ በሄድሽበት ሁሉ ፈጣሪ ከፊትሽ ይቅደም። ጎረቤቴ ኣስመረት ጉልበቷን ኦፕሬሽን አድርጋ ደህና ናት፤ ልጇ እዚሁ አጠገባችን ዳብሊን ከተማ ቤቷ ወስዳ እያስታመመቻት ነው። አጠገብ መሆን መታደል ነው።

እሑድ በስልኬ ሎኬሽንሽን ሳይ፣ እዚያ እንግሊዝ ያንን ጉብታ ብቻሽን ወጥተሻል። «እማ፣ ሕፃን እንኳ በሃያ ደቂቃ ይወጣዋል» ብለሽኝ አልነበር? ታዲያ ጫፉ ላይ ሦስት ሰዓት ሙሉ ምን አስቀመጠሽ? ስደውል «ቪው እያየሁ ነው» አልሽኝ፤ ድምፅሽ ግን የለቅሶ ነበር። የአሳይለም ኬሴ ስላላለቀ ከዚህ ከኦክላንድ ተነስቼ ልመጣልሽ አልችልም። ወፍራም ልበሺ እንጂ ሌላ ምን እላለሁ?

እመቤቴ አትለይሽ። ሲከፋሽ እዚያው ሆነሽ ደውዪልኝ፤ ባታወሪም ግድ የለም፣ ስልኩን ይዤ አብሬሽ እቀመጣለሁ።

እናትሽ ጥሩዬ