የአውሮፕላን ቀን ዘበኛ

ማክሰኞ፣ መጋቢት 4 ቀን 1976 ዓ.ም.፣ ከሰዓት

ሽሮው ዛሬም አረረብኝ። ድስቱ የአስካለ ነው፤ ስትመጣ የምትለኝን ከወዲሁ አውቀዋለሁ። ለጊዜው በአሸዋ ፈግፍጌ ከአልጋ ሥር ደብቄዋለሁ።

ደብተሬ፣ ወሬ አለ። የጸጉር አስተካካዩ የታደሰ ቤት ተዘረፈ። በጠራራ ፀሐይ! አውሮፕላኑ መጣ፤ እንደ ልማዳችን ሰፈሩ ግልብጥ ብሎ ወደ ሜዳው ወረደ። ግማሹ ከማረፊያው ላይ ላም ሊያባርር፣ ግማሹ ማን እንደመጣ ሊያይ፣ ግማሹ ደግሞ እንዲሁ። (ሦስት ግማሽ ሆነ። ስንት ዓመት ሒሳብ ያስተማርኩ ሰውዬ!) ታደሰ ሲመለስ ራዲዮ የለም፣ ጋቢ የለም፣ መቀሱ እንኳ የለም። በሩን ገርበብ አድርጎ ነበር የወጣው። እኔስ? እኔም እንደዚያው። እኛ ሰፈር በር የሚዘጋው ዶሮ እንዳይገባ ነው።

ሌባው ሞኝ አይደለም። ማክሰኞና ዓርብ ቤቱ ሁሉ ባዶ እንደሚሆን ያውቃል። እንዲያውም የአውሮፕላኑን ቀን ከኛ ይልቅ እሱ ሳይቆጥር አይቀርም።

ወዲያው ሄጄ ጓጉንቸር ገዛሁ። የመኝታ ቤቱን መስኮት በሳንቃ ደፈንኩት። አስካለ ለዓይኗ ሕክምና አ.አ. ልጃችን ገነት ዘንድ ከሄደች ወዲህ ቤቱ የኔ አደራ ነው። ሳጥኗ አለ፣ የክት ቀሚሷ አለ፣ እናቷ የሰጠቻት ነጠላ አለ። አንዱ ቢጠፋ ምን ብዬ ፊቷ እቆማለሁ?

ረቡዕ፣ መጋቢት 5፣ ማታ

ታደሰ ደጃፍ ተሰበሰብን። ቀ/ሌው ጥበቃ ይመድብልን ተባለ። የጥበቃ ጓዶች በአውሮፕላን ቀን ሜዳው ላይ እንደሚፈለጉ ተነገረን። እነሱም ማየት ይፈልጋሉ፣ ሌላ ምን ይሆናል።

ሐሳቡን ያመጣሁት እኔ ነኝ፤ እዚህ ልኩራ። በአውሮፕላን ቀን አንድ ሰው በተራ ይቅር። የመንደሩ መግቢያ ላይ ዱላ ይዞ ይቀመጥ፤ የማያውቀው ሰው ከገባ የት/ቤት ፊሽካዬን ይንፋ። ሰው ሁሉ ተስማማ፤ ለዚህ ወር ሦስት ሰው በዕጣ ተመረጥን። አንድ ሕግ ጨመርኩ፦ ተራ መቀያየር የለም። ከተፈቀደማ ማክሰኞ በመጣ ቁጥር የሁሉም አያት ትሞታለች። ተማሪዎቼ አስተምረውኛል።

ጎረቤቴ ማርታ ሳቀች። የአሪ ተወላጅ ናት፤ ጓሮዋ ከጓሮዬ የተያያዘ፣ አስካለ ከሄደች ወዲህ ጎመንና ቆጮ የምትልክልኝ ደግ ሴት። አማርኛዋ ላይ «እርስዎ» የሚባል ነገር አልገባም፤ የቀ/ሌውን ሊቀመንበር ሳይቀር አንተ ትላለች፣ ማንም አይቀየማትም። ጡረታ እንዳልወጣሁ፣ ተማሪ ብቻ እንደለወጥኩ ነገረችኝ። እውነቷን ሳይሆን አይቀርም።

ዓርብ፣ መጋቢት 7፣ 10 ሰዓት

የመጀመሪያው የጥበቃ ቀን። ጉድ!

ተረኛው ልብስ ሰፊው ከድር ነበር። ለሰፈራችን አዲስ ነው። አውሮፕላኑ ገና ሞተሩን ሳያጠፋ ፊሽካው ሲጮኽ ሰማን። ሁላችንም ሽቅብ ሮጥን፤ እኔም በዚህ ጉልበቴ። ስንደርስ ከድር ታደሰ በር ላይ ዱላ ወድሮ ቆሟል። ውስጥ አንድ የበና አገር ሽማግሌ በርኩማቸው ላይ ተቀምጠዋል። ተረጋግተው። እንዲያውም ከድርን እያዘኑለት።

ታደሰ አየና ጮኸ፤ እኔ ሌባውን ያወቀው መስሎኝ ነበር። ሄዶ አንገታቸው ላይ ተጠመጠመ። የሟቹ አባቱ ወዳጅ ናቸው። በነሱ ዘንድ የወዳጅ ቤት አይንኳኳም፣ ይገባል። ሀዘን ሊደርሱ ቅል ሙሉ ማር ይዘው ከቆላ ድረስ በእግራቸው መጥተዋል። ቤቱን ወና፣ በሩን ክፍት ሲያገኙት ጊዜ፣ ታደሰ እንደተረጎመልን፣ ሰው እስኪመለስ ልጠብቅላቸው ብለው ተቀመጡ። ሌባ እንዳይገባ!

ከድር ፊሽካውን ኪሱ ከቶ መሬት መሬት ያያል። ሽማግሌው ጠርተው ከማሩ መጀመሪያ ያቀመሱት እሱን ነው። ማር ጾም አይገድፍም፤ ሁላችንም ደረሰን። ከእንግዲህ ከፊሽካው በፊት «ማንን ፈልገው ነው?» ብሎ መጠየቅ ግዴታ ነው አልኩ። ማርታ አሁንም ሳቀች።

እሑድ፣ መጋቢት 9፣ ጠዋት

ቴሌ አስጠሩኝ! ገነት ናት። የእናቷ ሞራ ተገፈፈ፤ ከሁለቱም ዓይኗ። ደህና ታያለች።

ከዚያ አስካለ ራሷ ስልኩን ያዘችው። ድምጿን ስሰማ፣ ተረኛ የሚጠብቁ ሰዎች ከኋላዬ ባይኖሩ አለቅስ ነበር። (ትንሽ አልቅሻለሁ።) ገነት ሽበት አውጥታለች፣ ማንም አልነገረኝም ብላ ትስቃለች። የአውቶቡስ ቁጥር ታነባለች። ቅጠሉ ለየብቻው ይታየኛል አለች። ሜዳው ካልጨቀየ ዓርብ ትመጣለች። መጨረሻ ላይ፣ አንተን ለማየት ቸኩያለሁ አለችኝ።

እየዘለልኩ ነው የወጣሁት። ሰላም ያላልኩት ሰው የለም።

ያው ዕለት፣ ከሰዓት

ታደሰ ዘንድ ጢሜን ልላጭ ሄጄ መስታወት ፊት ተቀመጥኩ።

ለካ የምታየው ይኼ ነው።

ዛሬ አልጽፍም።

ሰኞ፣ መጋቢት 10

የመስኮቱን ሳንቃ ነቀልኩ። ለማየት ብላ አ.አ. ድረስ የሄደችን ሴት ጨለማ ክፍል ልቀበላት ነበር እኮ! ሌባ ፈርቼ ብርሃኑን ራሱን ቆልፌበት። ሚስማሩ እጄን ወጋኝ፤ ይበለኝ። ፀሐዩ አልጋው ላይ ሲያርፍ እንደ ልጅ ደስ አለኝ። በሳንቃው ፋንታ ቀጭን ቀጭን ብረት አስገባሁ። ሰው አያሳልፍም፤ ብርሃን ያሳልፋል።

ግድግዳውን ልቀባ አስቤ ነበር። ከግድግዳው የሚብሰው እኔ መሆኔ ትዝ አለኝና ተውኩት።

ማክሰኞ፣ መጋቢት 11፣ ማታ

ሰላም ዋለ። የዛሬዋ ተረኛ ማርታ ነበረች። ጥያቄዋን እንደ አዋጅ በጩኸት ስለምትጠይቅ እንኳን ሌባ ዘመድም አልደፈረ።

ከድር አመሻሹ ላይ መጣ። የሚቀጥለው ማክሰኞ ተረኛ ነው፤ ዕቃ ይመጣልኛል፣ ሰው ይለውጠኝ አለ። ሕግ ነው አልኩት። ፊቱ ጠቆረ፤ ግን አልተከራከረም።

ረቡዕ፣ መጋቢት 12

ዓርብ ተረኛው ማን ሆነ? እኔ።

ሰፈሩ ሰምቷል። ማርታ ቆጮ ይዛ መጣችና በኔ ተራ እሷ እንደምትቀመጥ፣ እኔ ሚስቴን እንድቀበል ነገረችኝ። አመሰገንኳት። አይሆንም አልኩ። ትናንት ከድርን ከልክዬ ዛሬ ለራሴ? አስካለ ታደሰንም ማርታንም ታውቃቸዋለች፣ ሻንጣዋን ይይዙላታል፣ መንገዱም ቅርብ ነው... ብዙ ምክንያት ደረደርኩ።

«መምህር፣ አንተ የፈራኸው ሌባ አይደለም» አለችኝ ማርታ።

ተቆጣሁ። ቆጮውን ተቀብዬ በሩን ዘጋሁባት። ቆጮውን መቀበሌ ያሳፍራል።

ሐሙስ፣ መጋቢት 13፣ ማለዳ

እንቅልፍ በዓይኔ አልዞረም። ለሌላ ሰው የማይባል ነው፤ ደብተሬ፣ ላንተ ልበለው።

አስካለ በደንብ ካየችኝ ዓመታት አልፈዋል። ዓይኗ መደብዘዝ ሲጀምር ጸጉር ነበረኝ። የፊት ጥርሴ ሙሉ ነበር። ከዚያ በኋላ እየደበዘዝኩ የሄድኩት ለሷ በጉም ውስጥ ነው። ፊቴን በእጇ ስትዳብስ «አልተለወጥክም» ትለኝ ነበር፤ እኔም ደስ ይለኝ ነበር። አሁን ቅጠሉን ለየብቻው የምታይ ሴት ከአውሮፕላን ወርዳ መጀመሪያ የምታየው እኔን ይሁን? አንድ ሽማግሌ ጋቢውን ደርቦ ሲስቅላት፣ ድዱ እየታየ?

ቤት ብትደርስ ይሻላል ብዬ ነበር። ሰው ከቧት፣ ደስታ ሆኖ፣ ወሬ በዝቶ፣ ቀስ ብላ ትለምደኝ ይሆናል ብዬ። ሕጉ ሲመቸኝ ጊዜ ተደበቅሁበት። ማርታ ልክ ናት።

ግን እወዳታለሁ። ስትወርድ ዓይኗ ከሰው መሐል ሲፈልገኝ ይታየኛል። ቢያጣኝስ? ይኼኛው ደግሞ ከዚያኛው ይብሳል።

አልቆረጥኩም።

ዓርብ፣ መጋቢት 14፣ 4 ሰዓት

ጥበቃ ላይ ነኝ። ድንጋዩ ላይ ተቀምጫለሁ፤ ዱላ፣ ፊሽካ፣ አንተ። ትናንት ማታ ካፍቷል፤ ጠዋት ግን ሰማዩ ጠራ። ትናንት የገዛሁትን አዲስ ኮፍያ እስከ ቅንድቤ አጥልቄያለሁ። ይሞቃል።

ቤቶቹ ሁሉ በሥርዓት ተዘግተዋል። እንዲህ ተዘግተው አያውቁም። ሥራዬ ደስ ይላል። አይ፣ አይልም።

ከተራራው ኋላ ድምፅ አለ።

መጣ። ሰፈሩ ወደ ሜዳው ፈሰሰ። ታደሰ እያለፈ «መምህር!» ብሎኝ ቆመ፣ አየኝ፣ ሄደ። ከድርም አለፈ። ማርታ ግን አልሄደችም። ባቄላዋን በሰፌድ ይዛ መጥታ አጠገቤ ተቀምጣ ትፈለፍላለች።

አውሮፕላኑ አንዴ ዞረ። ላሞቹ ገና አልተነሡም ማለት ነው፤ ሌላ አንዴ ሳይዞር አይቀርም። ከሮጥኩ እደርሳለሁ።

ከድርን ዛሬውኑ «ማክሰኞ ወደ ሜዳው ሂድ» እለዋለሁ፤ እኔ እቀመጥለታለሁ። ሕጉ ተሽሯል። ያወጣሁትም የሻርኩትም እኔ ነኝ።

ዱላውን ማርታ እግር ሥር አኖርኩ። ፊሽካውን ከአንገቴ አውልቄ ሰጠኋት። ቀና ሳትል ተቀበለችኝ።

ኮፍያውንም ለሷ እተወዋለሁ። አስካለ እንዳለሁ ትየኝ።