ጀርባዬ ላይ ያንጎራጎረው እንስራ

ለውዷ ባለቤቴ ለየሺ፤

ከተለያየን ሁለተኛው ክረምት ወጣ። የመጀመሪያው ክረምት እንዴት እንዳለፈ አላስታውስም፤ የዘንድሮውን ግን ከሚያፈሰው ጣራ ሥር ባልዲ እየደቀንኩ፣ ውኃውን እየደፋሁ አሳልፌዋለሁ። ደብዳቤ መጻፍ እንደማልወድ ታውቂያለሽ። ለእናቴ የሚላከውን እንኳ የምትጽፊው አንቺ ነበርሽ፤ እኔ ከሥሩ ስሜን ብቻ አኖር ነበር። እናቴ እስከ ዛሬ ያን ሁሉ ጥሩ ቃል የጻፍኩት እኔ ይመስላታል። አሁን የሚጽፍልኝ የለም፤ የማዋይሽ ነገር ደግሞ ለሌላ ሰው የሚነገር አይደለም።

መጀመሪያ የቤቱን ልንገርሽ። ሐዲዱ ያው ከጓሯችን ነው፤ ባቡር ባለፈ ቁጥር ብርጭቆው ከመደርደሪያው ላይ ይንቀጠቀጣል። በወንዙ በኩል አዲስ ፋብሪካ ተሠርቶ የሠራተኛው ብዛት መንገዱን ሞልቶታል። ጎረቤታችን እትዬ በላይነሽ አሁንም በአጥር ላይ አንገታቸውን አስግገው ምን እንደሠራን ያያሉ፤ እግዜር ይስጣቸው፣ በታመምሽ ጊዜ ግን ከደጃችን አልጠፉም። ልጃችን ትርሲት ቁመቷ እኔን ሊደርስ ነው። ጫማሽ ልክ ሆኗታል። መጀመሪያ ያደረገችው ቀን በረንዳው ላይ ኮቴውን ሰምቼ፣ አንቺ የመጣሽ መስሎኝ ከወንበሬ ተነሥቻለሁ። ልጅቷ ስትገባ ቆሜ አገኘችኝና ምን ሆንክ አለችኝ፤ ውኃ ልጠጣ ነው አልኳት።

ቢስክሌቱም አለ። ከአሮጌ ጋቢ ሰፍተሽ የኋላ መቀመጫው ላይ ያሰርሻት ትራስ እንደታሰረች ናት። የሥራ ጓደኞቼ አንዳንዴ እስከ ጣቢያው አፈናጥጠኝ ሲሉኝ ጎማው ተንፍሷል እላቸዋለሁ። ሐዲድ የሚጠግን ሰው የአንድ ቢስክሌት ጎማ አቅቶት ይኸው ዓመቱ እያሉ ይስቁብኛል።

ያቺን የግንቦት እሑድ ዕለት ዕለት አስባታለሁ። ሐሳቡ ያንቺ ነበር። ይህን ሐዲድ ተከትለህ ስትሠራ ትውላለህ፣ ከሐዲዱ ወዲያ ያሉትን ሰዎች ግን አንዱንም አታውቅም ብለሽ ወቀስሽኝ። የምንለብሰው ጋቢ፣ የምንቆርጥበት ቢላዋ፣ ውኃ የምንቀዳበት እንስራ ከማን እጅ እንደሚወጣ ማየት አለብኝ አልሽ። እኔ ሁሉም ገበያ ላይ አለ፣ ለምን በእሑድ እግሬን ታደክሚያለሽ ብዬ ተከራከርኩ። አንቺ ትራሷን ስታስሪ ሳይሽ ክርክሩ ማለቁን አወቅሁ። ትርሲትን ለእትዬ በላይነሽ አደራ ብለን ወጣን።

ድልድዩን ከተሻገርን በኋላ ሐዲዱን በቀኝ ይዘን በእግር መንገዱ ሄድን። ዝናቡ ገና ስላልጀመረ ጥቁሩ አፈር ተሰነጣጥቆ ነበር፤ ጎማው ስንጥቁ ውስጥ እንዳይገባ ዓይኔን ከመሬት አላነሣም። ዳገት ሲሆን እኔ መሪውን ይዤ አንቺ ከኋላ ትገፊያለሽ። ቁልቁለት ሲሆን ደግሞ ፍሬኑን ለቀቅ አደርግና ጎኔን ትቆነጥጪኛለሽ። ሜዳው ላይ ስንደርስ ግን ግንባርሽን ጀርባዬ ላይ አሳርፈሽ ማንጎራጎር ጀመርሽ። ቃል የለውም፣ ዜማውንም ከማንም ሰምቼው አላውቅም። በጆሮዬ ከምሰማው ይልቅ በጀርባዬ ነበር የሚሰማኝ። ምን እንደሆነ አንድም ቀን አልጠየቅሁሽም፤ ብጠይቅሽ የምታቆሚ መሰለኝ።

መጀመሪያ የደረስንበት ሸማኔው ቤት ጫማሽን አውልቀሽ እግሩን ከሚያስገባበት ጉድጓድ ውስጥ ልግባ አልሽ። ሰውየው መጀመሪያ አፈረ፣ ከዚያ ሳቀና ቦታውን ለቀቀልሽ። በእግርሽ ረግጠሽ መወርወሪያውን በእጅሽ ስትወረውሪ ክሩን አወሳሰብሽበት፤ እሱ ቁጭ ብሎ ፈታው። ከዚያ መንገድ ላይ ድንጋይ መትቶ ያጎበጠውን ፔዳል ይዘን አንጥረኛው ዘንድ ሄድን። እሱ ብረቱን ሲያቀና ወናፉን የምትነፊው አንቺ ነበርሽ፤ ፊትሽ ከሰል በከሰል ሆኖ ስትወጪ የመንደሩ ልጆች ተከትለውሽ መጡ።

በመጨረሻ ሸክላ ሠሪዋን አዴ ጫልቱን አገኘናቸው። የሚሽከረከር መሣሪያ የላቸውም፤ ጭቃውን መሬት ላይ አቁመው ራሳቸው ናቸው የሚዞሩት፣ ጎንበስ ብለው ወደ ኋላ እየተራመዱ በእርጥብ ቆዳ እያለሰለሱ። አንቺም ከኋላቸው መዞር ጀመርሽ። ሁለታችሁ አንድ እንስራ ስትዞሩ እኔ ከጥላው ሥር ተቀምጬ አየሁ። ያ እንስራ ለእኔ ይሁን አልሻቸው። ያዘዘ ሰው ጭቃው ሳይደርቅ ምልክት ያደርጋል፣ እሳት ውስጥ ከሌላው ጋር እንዳይቀላቀል ብለው በግማሽ ኦሮምኛ በግማሽ አማርኛ አስረዱሽ። አንዱ መስመር ያሰምራል፣ ሌላው መስቀል ያደርጋል፤ አንቺ ከአንገቱ በታች አውራ ጣትሽን ተጫንሽበት። ንፍሮ አቀረቡልን፣ በላን። ስንሰነባበት እንስራው ከተተኮሰ በኋላ በግራዋ ቅጠል ታጥቦ በወይራ ጭስ ሳይታጠን ውኃ እንዳይገባበት፣ ያንንም ምልክቱን ያደረገችው እጅ ብትሠራው ጥሩ እንደሆነ ነገሩሽ። ይህች የመጨረሻዋ ነገር ናት ኋላ እኔን ያሰረችኝ።

በሰኔ ትኩሳቱ ያዘሽ። ሰዉ ያለውን ሁሉ አልደግምልሽም፤ ከሸክላ ሠሪ ቤት በልታ እንዴት ደህና ትሆናለች የሚል ወሬ በየደጁ ይዞር ነበር። አንቺ ብትሰሚው ትስቂ ነበር። በትኩሳቱ መሃል እንስራው ከእሳት በደህና ወጥቶ እንደሆነ ጠየቅሽኝ። መንገዱ ሲደርቅ ሄጄ አመጣዋለሁ አልኩሽ። ራስሽን ነቀነቅሽ። ከዚያ ወዲያ ስለ ምንም አልጠየቅሽኝም።

በመስከረም ብቻዬን ሄድኩ። አዴ ጫልቱ ከሩቅ ቢስክሌቱን አይተው ብድግ አሉ፤ ከኋላዬ ሰው እንደሌለ ሲያዩ ጭቃ የነካ እጃቸውን ራሳቸው ላይ ጫኑ። እንስራውን ክረምቱን ሁሉ ጭድ አልብሰው ቤታቸው ውስጥ አስቀምጠውት ነበር። ልጅ አለቻችሁ አይደል፣ እሷ ታሟሸው አሉኝ። እሺ አልኩ፣ ግን አልሰማኋቸውም። አፉን ሳልሸፍን በነጠላሽ ጠቅልዬ ትራስሽ ላይ አስቀመጥኩትና በገመድ ከወገቤ ጋር አሰርኩት።

ሜዳው ላይ ስደርስ ነፋስ ተነሣ። ያን ጊዜ ነው ከጀርባዬ የሰማሁሽ። ያው ድምፅ ነው፣ ቃል የሌለው፣ በጆሮ ሳይሆን በጀርባ የሚሰማው። ቢስክሌቱን አቆምኩ፤ ድምፁም ቆመ። ዙሪያውን ቡቃያው ጤፍ ብቻ ነው፣ አንድ ሰው የለም። እንደገና ስነዳ እንደገና አንጎራጎርሽ። የነፋሱ ነገር መሆኑን፣ ባዶ እንስራ አፉ ላይ ነፋስ ሲያልፍ እንደሚጮኽ እኔም አላጣሁትም። ሆኖም መንገዱ እንዳያልቅ ቀስ ብዬ ነዳሁ። አለቀስኩ፣ የሺዬ። አንቺን ስቀብር ያላለቀስኩትን እዚያ ሜዳ ላይ አለቀስኩ።

ቤት አምጥቼ ጥጉ ላይ አስቀመጥኩት። አመሻሽ ላይ ከናዝሬት የሚመጣው ባቡር ሲያልፍ ቤቱ ተንቀጠቀጠ፣ እንስራውም ከሆዱ ውስጥ አጉረመረመ፤ ከዚያ ድምፁ ወደ እንጉርጉሮ ተለወጠ። «አቤት» አልኩ። ሳላስበው ነው ያወጣሁት። በማግሥቱም አልኩ። ከዚያማ ባቡሩ ከመድረሱ በፊት ቤት ለመገኘት ከሥራ ስሮጥ እመጣ ጀመር። ወንበሬን አስጠግቼ እቀመጣለሁ፤ አንቺ ስታንጎራጉሪ አቤት እላለሁ፣ የዕለቱን እነግርሻለሁ፣ ድምፅሽ እስኪጠፋ እጠብቃለሁ። ባቡሩ የቀረ ቀን ራት አይበላልኝም ነበር።

እትዬ በላይነሽ ድምፁን ሰምተው ይህን ዕቃ ስበረው፣ ከመጣበት ቤት የመጣ ነገር አለበት አሉኝ። ትርሲት ለምን አታሟሸውም፣ ውኃ የምንቀዳው በቆርቆሮ ነው ስትለኝ ደግሞ ይህ የእናትሽ እጅ ያረፈበት ነው፣ ሌላ ሰው አይነካውም እላለሁ። በሷም እጅ ቢሆን፣ ውኃ ከገባበት ዝም እንደሚል አውቃለሁ። እንዲህ ሆኖ አንድ ዓመት አለፈ።

ልጅቷ ባቡር በሚያልፍበት ሰዓት ከቤት መውጣት ጀመረች። ዝናብም ቢሆን ደጅ ትቆማለች። ክረምቱ ሊወጣ ሲል ደብረ ዘይት እህትሽ እታፈራሁ ዘንድ ሄጄ ልማር አለችኝ። እታፈራሁም ይህን ሰምታ ልትወስዳት መጣች። ልብሷ ተጠቅልሎ በሩ ሥር ተቀምጦ አየሁ። አንቺን አጥቻለሁ፤ እሷም ከሄደች እኔ ለማን ነው የምገባው? እንስራውን ፈርታ መሰለኝ። ጨርቅ አልብሰዋለሁ፣ ካልሆነም ጓዳ አስገባዋለሁ፣ የነፋስ ድምፅ ነው እንጂ ምንም የለበትም ብዬ ለመንኳት። ትርሲት እንዲህ አለችኝ፦

«አባዬ፣ እኔ እንስራውን አይደለም የምፈራው። አንተ አቤት ስትል ነው የምፈራው።»

ይህን ስትል ድምፅዋ ያንቺን ሊመስል ምንም አልቀረውም ነበር። እታፈራሁ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። እኔ ወደ ውጭ ወጣሁና ቢስክሌቱ አጠገብ ቆምኩ። ልጄ አባትዋን ዓመት ሙሉ በደጅ ስትጠብቀው እኔ የት እንደነበርኩ አሰብኩ። ስትጠራኝ ስንቴ እንዳልሰማኋትም አሰብኩ። ያዘንኩት ለአንቺ ብቻ አልነበረም ያን ቀን።

ተመልሼ ገባሁና ከአጥሩ ሥር ግራዋ ቁረጪ አልኳት። አላመነችኝም፤ ዓይን ዓይኔን አየች። ከዚያ ሄዳ አመጣች። የእንስራውን ውስጥ በቅጠሉ አሸችው፣ አጠበችው፣ የወይራውን ፍም ያስቀመጠችውም እሷ ናት። ከአንገቱ በታች ጣትሽ ያረፈበት ቦታ ስትደርስ እጇን ቀለል አድርጋ አለፈችው። እኔ ከበሩ አልራቅሁም፤ እንዲሰበር ፈልጌ ይሁን እንዳይሰበር ፈርቼ ለራሴም አላውቀው።

ውኃውን ግን እኔ ልቅዳ አልኳት። ስጨምርበት ድምፅ ነበረው የሺዬ፣ ይህን ማንም አልነገረኝም ነበር። መጀመሪያ ወፍራም ነው፤ ውኃው ከፍ ባለ ቁጥር እየቀጠነ፣ እየቀጠነ ሄደ። ሁለት ጊዜ አቆምኩ። ትርሲት አልተጣደፈችም፤ ባልዲውን ይዛ ጠበቀችኝ። እስከ አንገቱ ሲደርስ አንዲት ቀጭን ድምፅ ብቻ ቀረች፣ ከዚያ እሷም ጠፋች። ያን ጊዜ ለሁለተኛ ጊዜ ሞትሽብኝ።

እታፈራሁ ብቻዋን ተመለሰች። ጥቅሉን ትርሲት ራሷ ፈታችው፤ ልብሷ ወደ ሣጥኑ ገብቷል።

አልረሳሽም። ሰው ሁሉ ለሞተበት ይህን እንደሚል አውቃለሁ፣ ግን ሌላ ቃል የለኝም። በዚያች የግንቦት እሑድ ያረፍንባቸውን ቦታዎች ሁሉ ለልጃችን አሳያታለሁ፤ ሸማኔውም አንጥረኛውም እንዴት እንደሳቁልሽ እነግራታለሁ። ትራስሽ ላይ የምትቀመጠው እሷ ናት፤ ጎማውንም ትናንት ነፋሁት።

ዛሬ አመሻሽ ላይ ባቡሩ አለፈ። ብርጭቆው ተንቀጠቀጠ፣ ቤቱ ተንቀጠቀጠ፣ ከጥጉ ግን ምንም አልተሰማም። ትርሲት ከዓመት በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ በዚያ ሰዓት ከእኔ ጋር ተቀምጣ ነበር። አፌ ተከፍቶ ነበር፣ አቤት ልልሽ። አየችኝ። አፌን ዘጋሁት። እሷ ስትተኛ ወረቀት ፈለግሁና ይህን ጻፍኩልሽ፤ ልልሽ የነበረውን በአፌ ስላላልኩት ነው።

ባለቤትሽ ታደሰ